ጠመኔ የለበሰች ሴት

ሳንቃው ስፋቱ ሦስት ሜትር ከስልሳ፣ ቁመቱ ሦስት ሜትር ነበር። በመስኮቱ በኩል ካለው ግድግዳ ተነሥቶ፣ ወደ ማዶው ሊደርስ አንድ ሰው በጎኑ የሚያልፍበት ያህል ሲቀረው ይቆማል። ከወዲያ የአማትየው አልጋና ሣጥን፣ ከወዲህ የቤተሰቡ ሳሎን። በሳሎን በኩል ያለው ፊቱ ነጭ ነው፤ ነጭ ሲባል ግን የቀለም ነጭ አይደለም፣ በስስ ሙጫ የተበጠበጠ የጠመኔ ዱቄት ነው። የተደገፈውን ሁሉ ይይዛል። የምግብ ጠረጴዛው ከሳንቃው የሚርቀው ሁለት ስንዝር ብቻ ስለሆነ፣ በዚያ በኩል የተቀመጠ ሰው በልቶ ሲነሣ ጀርባው ነጭ ሆኖ ይነሣል። በሰፈሩ ይህን ቤተሰብ በስሙ የሚጠራው የለም፤ «ወፍጮ ቤቶች» ነው የሚባሉት። ዳቦ ሻጩ ከሩቅ ትከሻቸውን አይቶ ይለያቸዋል። ታክሲ የሚነዳው ታናሽየው ልጃቸው አንድ ቀን ሰልፍ ላይ ከማያውቀው ሰው ጋር ሲጨቃጨቅ፣ ሰውየው ዞር ሲል ጀርባው ላይ ነጭ አይቶ፣ «ቤታችን እንግዳ ነበርክ እንዴ?» ብሎት እዚያው ታርቀዋል።

ሳንቃውን በጠመኔ የሚቀቡት አማትየው ራሳቸው ናቸው። በዓመት አንድ ጊዜ፣ ዝናቡ ሊገባ ሲል፣ ልጅም ምራትም የልጅ ልጅም ከቤት ይባረራል፤ በር ይዘጋል፤ ከውስጥ የባልዲ ድምፅ ብቻ ይሰማል። ልጆቻቸው «አንዴ በዘይት ቀለም እንቀባውና እንገላገል» ያላሏቸው ጊዜ የለም። «እንጨት ይተንፍስ» ይላሉ፤ ሌላ ቃል የላቸውም። ታናሽየው «እኛስ መቼ እንተንፍስ፣ እማዬ?» ሲላቸው፣ «አንተ ከተወለድክ ጀምሮ እየተነፈስክ አይደል፣ ምን ለውጥ አመጣህ?» ብለው አፉን ያስይዙታል። ነገሩ በሳቅ ያልፋል፤ ጠመኔው ይቆያል።

ምራትየዋ፣ የታናሽየው ሚስት፣ ወደዚህ ቤት ከገባች አሥራ አንድ ዓመቷ ቢሆንም እስከ ዛሬ «ሙሽሪት» ነው የምትባለው። ሥራዋ ሆስፒታል፣ ላብራቶሪ ውስጥ ነው፤ ደም በመስታወት ላይ ቀጭን አድርጋ ዘርግታ ስትመለከት የምትውል፣ ያላየችውን «አየሁ» የማትል ሴት ናት። ባለፈው ሳምንት ለክፍል ኃላፊነት ቃለ መጠይቅ ቀርባ ነበር። ጨርሳ ስትወጣ፣ ከጠያቂዎቹ አንዱ፣ ሽማግሌ ሐኪም፣ በደግነት ተነሥተው የሰማያዊ ኮቷን ጀርባ በመዳፋቸው አራገፉላት። ኃላፊነቱን አገኘች። ያንን መዳፍ ግን ልትረሳው አልቻለችም። ስለዚህ ዛሬ፣ በዕረፍት ቀኗ፣ ባሏ እናቱን በታክሲው ጭኖ ለአዲስ መነጽር ወደ ዓይን ሐኪም እንደወሰዳቸው፣ ልጆቹም ትምህርት ቤት እንደገቡ፣ ከአልጋዋ ሥር የደበቀችውን ጣሳ አወጣች። የሚያብለጨልጭ ነጭ የዘይት ቀለም ነው፤ የሁለት ሳምንት የአትክልት ወጪዋን በልቷል። አስባበታለች። እማማ ተመልሰው ሲያዩት ይቆጣሉ፣ ሁለት ሦስት ቀን ያኮርፋሉ፣ ከዚያ በኋላ ግን ቤተሰቡ በሙሉ ንጹሕ ጀርባ ይኖረዋል።

የዘይት ቀለም ዱቄት ላይ አይይዝም፤ መጀመሪያ መታጠብ አለበት። ጠረጴዛውን ገፋች፣ ወለሉን በአሮጌ አንሶላ ሸፈነች፣ ሁለት ባልዲ ለብ ያለ ውሃ አቀረበች፤ አንዱ ለማጠቢያ፣ አንዱ ለማለቅለቂያ። እንደ ሥራ ልማዷ ዓይን ከማይገባ ቦታ ጀመረች፤ ከታች፣ ከግራው ጥግ፣ መዳፍ የምታህል ቦታ። ስፖንጁን አስነክታ ጠበቀች። ጠመኔው እየለሰለሰ ወረደ። ከሥሩ እንጨት ነበር የጠበቀችው። የመጣው ጥቁር ሰማያዊ ነው። ሻጋታ መሰላት። ነጭ ጥጥ አርሳ አሸችው፣ ጥጡን ወደ መስኮቱ ብርሃን ወስዳ አየችው፤ ጠመኔ ብቻ ነው፣ ሰማያዊ የለበትም። ሰማያዊው አይለቅም ማለት ነው። ከጎኑ ሌላ መዳፍ የምታህል ቦታ አጠበች። እዚያ ሰማያዊው ላይ የሚጠማዘዝ ነጭ መስመር አለ። ሌላ ጨመረች። መስመሩ አረፋ ነው። ሰማያዊው ውሃ ነው፤ የተናወጠ ውሃ።

ከዚያ ወዲያ ጠዋት የቀዳችውን ሻይ ረሳች። በመዳፍ በመዳፍ እየለካች፣ ውሃውን እየደፋችና እየቀየረች ወደ ላይ ወጣች። የጀልባ ጠርዝ መጣ። ባዶ እግር መጣ፤ ጣቶቹ እንጨቱን ጥብቅ አድርገው የያዙ። የቀሚስ ጫፍ መጣ፤ ቢጫው የእንቁላል አስኳል ቢጫ ነው፣ ቤቱ ውስጥ ካለው ዕቃ ሁሉ ይበልጥ የደመቀ። ገመድ የጨበጠ እጅ መጣ። ወንበር ላይ ወጣች። አንገት፣ ቀጥሎ አገጭ፣ ከዚያም በአንድ የስፖንጅ ምት አፍ መጣ፤ ይስቃል። ሙሽሪት ወንበሩ ላይ እንደቆመች እሷም ሳቀች። ለምን እንደሆነ አታውቅም፤ ብቻ ሰው ፊት ለፊት ከልቡ ሲስቅ ማኩረፍ ከባድ ነው። ዓይኖቹንና ፀጉሩን አጥባ ስትጨርስ ክንዷ ከዚያ በላይ አልደርስ አላት፤ ከወንበሩ ወርዳ እስከ በሩ ድረስ ወደ ኋላ ሄደች። አንዲት ሴት፣ ከሰው ቁመት የምትበልጥ፣ በማዕበል መሃል ትንሽ ጀልባ ላይ ቆማ፣ ፀጉሯን ነፋስ እየወሰደው፣ ትስቃለች። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ሙሽሪት ምሳዋን የበላችው ለዚህች ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ነው።

ደስታው ሲበርድላት ፍርሃት መጣ። የእማማን ሳንቃ፣ እማማ በሌሉበት፣ ገፍፋ አስቀምጣዋለች። ባሏ ስልኩን አያነሣም። ታላቅ ወንድሙ ጋ ደወለች።

«ጋሼ፣ ሱቅህን ዝጋና ና። ማንም አልታመመም።»

«ማንም ካልታመመ ሱቁ ለምን ይዘጋል?»

«ና ስልህ።»

ታላቅየው የመኪና መለዋወጫ ነጋዴ ነው፤ ቀበቶው ላይ የቁልፍ ክምር የሚያንጠለጥል፣ ሸሚዙ ሁልጊዜ የተተኮሰ፣ ዋጋ ሳይጠይቅ ዕቃ የማያይ ሰው። በሩ ላይ ሲደርስ የሚናገረውን አዘጋጅቶ ነበር። አልተናገረውም። ቆሞ ቀረ። «አባዬ» አለ፤ ድምፁ የስድስት ዓመት ልጅ ድምፅ ነበር።

አባታቸው የትልቁ ሲኒማ ቤት ሰዓሊ ነበሩ። በየሳምንቱ ለአዲሱ ፊልም ይህን የሚያህል ሰሌዳ ይሥላሉ፤ በሳምንቱ ያው ሰሌዳ ነጭ ይለብስና ሌላ ይሣልበታል። ሃያ ዓመት የሣሉት ሁሉ አንዱ በሌላው ሥር ተቀበረ፤ ሲኒማ ቤቱ ሲፈርስ ሰሌዳዎቹ አጥር ሆኑ፣ ማገዶ ሆኑ። ከሁለት ወር በፊት የባህል አዳራሹ ኃላፊ፣ የድሮ ሰሌዳ ሰዓሊዎችን ሥራ ልታሳይ ፈልጋ፣ እዚህ ቤት ድረስ መጥታ ነበር። የተገኘው አንድ ፎቶግራፍ ብቻ ነው፤ እሱም አባትየው መሰላል ላይ ሆነው ከኋላ የተነሡት። ታላቅየው ሴትዮዋን እስከ በር ሸኝቶ ሲመለስ «ሃያ ዓመት ሥሎ ጀርባው ብቻ ቀረ» ብሎ ነበር፤ ያን ሳምንት ደንበኞቹን ሁሉ ሲቆጣ ሰነበተ።

አሁን ወደ ሳንቃው ተጠግቶ በጣቱ ያሳያል። «እጁ ነው። ይህን ማዕበል አየሽው? ከአባዬ በቀር ማን ይሠራዋል?»

«የአባባን ሥራ በቅርብ አይተህ ታውቃለህ፣ ጋሼ?»

«ልጅ ነበርኩ።»

«እና እጃቸውን በምን ለየኸው?»

«ደም ያውቃል።»

ሙሽሪት ስለ ደም ከእሱ የተሻለ ታውቃለች፤ ግን አላረመችውም። ደስታው አሳዝኗት ነው። ሰውየው ዕድሜውን በሙሉ ዕቃ ሲገዛና ሲሸጥ ኖሮ፣ አሁን የማይሸጥ ነገር አግኝቷል። «በእጅ የያዙት ወርቅ» አለ፣ ምሳሌውን ሳይጨርስ፣ ግንባሩን እየመታ፣ «ጀርባችንን ስናሽበት!» ወዲያው ስልኩን አውጥቶ ለአዳራሹ ኃላፊ ደወለ።

ሴትዮዋ ከምሳ በፊት ደረሰች። ቀጭን ናት፣ ጫማዋን በር ላይ አውልቃ ገባች፤ ማንም አውልቂ አላላትም። በአጉሊ መነጽር ከእግር እስከ ፀጉር ሄደች። ተመልሳ መጥታ ጠረጴዛው ላይ ተቀመጠችና ውሃ ጠየቀች። «ከዚያ ዘመን እስከ ዛሬ ሙሉውን ያገኘሁት ይህን ብቻ ነው» አለች፤ ዓይኗ እንባ አቅርሯል፣ ፊቷ ግን ይስቃል። ታላቅየው በደስታ መሀረቡን አውጥቶ ከጀልባይቱ ሴት ጉልበት ላይ የቀረ ጠመኔ ሊጠርግ ሲዘረጋ፣ ሴትዮዋ የእጁን አንጓ ያዘችው። «ከእንግዲህ ከሠራው ሰው በስተቀር ማንም አይነካውም። የአዳራሹ ሕግ ነው፣ ይቅርታ ወንድሜ።» «የሠራው ሰው ዐርፏል» አለ ታላቅየው፤ እጁን ሰበሰበ። ሴትዮዋ ከሥዕሉ አጠገብ የሚለጠፈውን ወረቀት አወጣች። «ማን ብዬ ልጻፍ?» ታላቅየው ቀና አለ፣ ሸሚዙን አስተካከለ፣ የአባቱን ስም ቀስ ብሎ፣ ፊደል በፊደል፣ ሊያስጽፍ አፉን ከፈተ።

በሩ ላይ ጥሩምባ ተነፋ። ታናሽየው፣ የሙሽሪት ባል ነው፤ እናቱን ሲያመጣ ሁልጊዜ ሁለቴ ይነፋል። «እንኳን ደስ አላችሁ፣ እማዬ ዛሬ የእኔን ሽበት ቆጥራ ጨረሰች» እያለ ገባ፤ ሰሌዳውን አይቶ ግማሹ ሳቅ አፉ ውስጥ ቀረ። ከኋላው አማትየው ገቡ። አዲሱ መነጽር ወፍራም ነው፣ ዓይናቸውን ትልቅ አድርጎታል። ዓይኖቻቸው በየተራ ሁሉም ላይ አረፉ፤ ልጃቸው፣ እንግዳዋ፣ ሙሽሪት፣ የሙሽሪት እርጥብ ክንድ፣ ባልዲው። ከዚያ ወደ ሳንቃው ዞሩ።

ሙሽሪት አማቷን ሰው እንደሚያስተውል ሳይሆን መስታወት ሥር ያለ ነገር እንደምታስተውል አስተዋለቻቸው። ክው ይላሉ ብላ ነበር፤ አላሉም። ያለቅሳሉ ብላ ነበር፤ አላለቀሱም። አንገታቸውን ዘንበል አድርገው፣ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ መነጽሩን ከፍ ዝቅ እያደረጉ ሲመለከቱ፣ ልብስ ሰፊ ያላለቀ እጅጌ ሲያይ ይመስሉ ነበር።

«አውራ ጣቷ አጥሯል» አሉ።

«ምን አልሽ፣ እማዬ?» አለ ታላቅየው።

«ገመዱን የያዘችበት። ያኔም አጥሮብኝ ነበር። መሽቶብኝ ነው የተውኩት።»

ከቤቱ ሰዎች መጀመሪያ የገባት ሙሽሪት ናት፤ ወንበር ስባ ተቀመጠች። የአዳራሹ ሴት ብዕሯን አነሣች። ታላቅየው ግን እናቱን በክንዳቸው ያዘ። «ደክሞሻል። ቁጭ በይ።»

«አልደከመኝም። ለአንድ መነጽር ወንበር ስቀያይር ነው የዋልኩት፤ ልቁምበት።» ቆመውም ተናገሩ፤ ነገሩን የትናንት ገበያ እንደሚያወሩ አድርገው። ያን ሳምንት ባላቸው በትኩሳት ተኝተዋል። ሰሌዳው ካልደረሰ ሥራው ለሌላ ይሰጣል። እሳቸው ቀለም ሲበጠብጡ፣ ሰሌዳ ሲያነጡ የኖሩ ናቸውና፣ ከሲኒማ ቤቱ የተላከውን ጥቁርና ነጭ ፎቶግራፍ ግድግዳ ላይ ሰክተው ጀመሩት። ፊልሙ የለቅሶ ፊልም ነው፤ ሴትየዋ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ታለቅሳለች።

«ታዲያ ይህች ለምን ትስቃለች?» አለች የአዳራሹ ሴት።

«በየጠዋቱ ዳቦ ልገዛ በዚያ ነው የማልፈው፣ ልጄ። ሳምንት ሙሉ ስታለቅስ ልያት?»

ታናሽየው ፈንድቶ ሳቀ፤ ወንድሙን አይቶ አፉን ያዘ። አማትየው ቀጠሉ። ያን ሳምንት ሲኒማ ቤቱ ሞልቶ ፈሰሰ። አንድ ሰውዬ ፊልሙን ጨርሶ ወጥቶ ትኬት መቁረጫው ጋ ሄዶ «የምትስቀዋ የታለች? ለእሷ ነው የከፈልኩት» ብሎ ተጣላ። የሲኒማ ቤቱ አለቃ ባላቸውን «እጅህ ተፈታ» አላቸው። ባላቸው እቤት መጥተው ነገሯቸው፤ ሁለቱም ሳቁ፤ እውነቱን ግን ለአለቃው አልነገሩትም። በሳምንቱ «ነጭ አልብሺው» አሏቸው። «አለበስኩት። በምን እንደማለብሰው አልነገረኝም። በዘይት ቀለም ፈንታ በጠመኔ አለበስኩትና ሳንቃው ጠምሟል፣ አይሆንም ብዬ ወደ ቤት አስጫንኩት።»

«አባዬ አያውቅም ነበር?» አለ ታናሽየው።

«እስኪያርፍ ድረስ ኮቱ ነጭ እየሆነ ይወጣ ነበር። አንድ ቀን አላማረረም። በኮት የሚቀልድ ሰው እንዳልነበረ ታውቃላችሁ።»

«እኛስ? ለእኛ ለምን አልነገርሽንም?»

«ቀን አጣሁለት። ሰው እራት እየበላ ‹ተነሡ፣ ከኋላችሁ ሴት አለችኝ› ይባላል? በዓመት አንዴ በሬን ዘግቼ ፊቷን ብቻ አጥባታለሁ። ‹እንዴት ከረምሽ› እላታለሁ። መልሼ አለብሳታለሁ።»

ታላቅየው መስኮቱ ጋ ሄዶ ጀርባውን ሰጣቸው። የቁልፎቹ ክምር ብቻ ይሰማል። ሙሽሪት ይህን ሰው ሲቆጣ ታውቀዋለች፤ ሲከፋው ግን አይታው አታውቅም። ዞር ሲል ለእናቱ የተናገረው በሹክሹክታ ነው። «ውሸት ነው አላልኩም፣ እማዬ። ግን ለእሱ ምን ቀረለት?»

ይህን የጠበቁ ይመስል አማትየው ጣታቸውን ወደ ላይ አቀኑ። ከጀልባይቱ ሴት ፀጉር በላይ፣ እስከ ጣራው ድረስ፣ ሁለት ክንድ ያህል ቁመት ያለው ነጭ ገና አልታጠበም። «ሙሽሪት፣ ያንን ለምን ተውሽው?»

«አልደረስኩበትም፣ እማማ።»

«በሉ እጠቡት።»

የአዳራሹ ሴት ይህ በባለሙያ፣ በአዳራሽ፣ በጥንቃቄ መሆን እንዳለበት ልታስረዳ ጀመረች። «ያለበስኩት እኔ ነኝ፣ ልጄ፤ ውሃ እንደሚበቃው አውቃለሁ» አሏት። ሙሽሪት ውሃ ቀየረች። ጠረጴዛው ላይ የወጣው ግን ታላቅየው ነው፤ ከነተተኮሰ ሸሚዙ፣ ከነቁልፉ። ሙሽሪት ከታች ሆና ታዘዋለች፤ አስነካ፣ ጠብቅ፣ ቀስ ብለህ አውርድ፣ አታሽ። ነጩ ውሃ በክንዱ ወርዶ እጅጌው ውስጥ ገባ፣ ምንም አላለም። ቀይ መጣ። ቀዩ ፊደል ሆነ፤ ሰፊ፣ ቀጥ ያለ፣ በጥቁር ጥላ የተከበበ፤ የፊልሙ ርዕስ። ከግራ ጀምሮ ፊደሎቹ እንደ ወታደር ተሰልፈው ይመጡና፣ የመጨረሻው ብቻ ወደ ታች አዘቅዝቋል።

«ፊደል አልችልም ነበር» አሉ አማትየው። «የእኔ ፊደል እንደ ፍየል ነው፣ አንዱ ወዲያ አንዱ ወዲህ። ስታገል አይቶ በትኩሳቱ ተነሣ። እግሩን ይዤለት መሰላል ላይ ወጣ። የመጨረሻዋ ላይ ሲደርስ ነው ብርዱ የመጣበት፤ እሱም እኔም መሰላሉም አብረን ነው የተንቀጠቀጥነው።»

ታላቅየው ጠረጴዛው ላይ እንደቆመ መዳፉን ወደ ዘቀዘቀው ፊደል አስጠጋ፤ ሳይነካው፣ እሳት እንደሚሞቅ ሰው፣ እዚያው አቆየው። ትከሻው መንቀጥቀጥ ሲጀምር ታናሽየው አለቀሰ ብሎ ሊይዘው ቀረበ። እየሳቀ ነው። «ይኼው ነው! የእኔ ደረሰኝ ላይ ያለው ፊርማ! እኔም መጨረሻው ይወድቅብኛል» አለ። የአዳራሹ ሴት ወረቀቷ ላይ ሁለት መስመር ጻፈች። ከላይ «ሥዕል» ብላ የአማትየውን ስም ከነአባታቸው፣ ከሥሩ «ጽሕፈት» ብላ የባላቸውን። ጮክ ብላ አነበበችላቸው። አማትየው ስማቸው ሲጠራ፣ ሐኪም ቤት ተራ እንደደረሳቸው ሁሉ፣ «አቤት» አሉ።

ከዚያ በኋላ ቤቱ የሠርግ ቤት መሰለ። ሻይ ተፈላ፣ ዳቦ ተቆረሰ፣ ጎረቤት በመስኮት አንገቱን አስገባ፣ ልጆቹ ከትምህርት ቤት መጥተው በጀልባይቱ ሴት ፊት ተኮልኩለው እንዴት እንደምትቆም ያስመስሏት ጀመር። ታናሽየው ሰሌዳው ወደ አዳራሹ ሲሄድ እናቱ ያለ መጋረጃ እንደሚቀሩ አስታወሰና፣ ታላቅየው ግንብ አሠራለሁ አለ፣ የቱ ይሻላል በሚል ሁለቱ ተከራከሩ። አማትየው አልሰሟቸውም። ሻያቸውን ይዘው አሁንም አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው ይመለከታሉ።

«ያቺን አውራ ጣት ሳላስተካክልማ ከዚህ ቤት አትወጣም» አሉ።

የአዳራሹ ሴት ፊቷ ተለዋወጠ። ይህ ከእንግዲህ የታሪክ ሥራ መሆኑን፣ ስሕተቱም የታሪኩ አካል መሆኑን፣ አንድ ጠብታ እንኳ መጨመር እንደማይቻል በትሕትናና በጭንቀት አስረዳች። አማትየው ጽዋቸውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። ሙሽሪት ልትናገር ተነሣች፤ ታላቅየው ግን ቀደማት። ከጠረጴዛው ወርዷል፣ ሸሚዙ እስከ ክርኑ ነጭ ነው።

«ከሠራው ሰው በስተቀር ብለሻል፣ እህቴ» አለ። «እኔን የከለከልሽኝ በዚህ ሕግ ነው። የሠራችው ይችው፣ ተቀምጣለች።»

ሴትዮዋ እሱን አየች፣ አማትየውን አየች፣ ሥዕሏን አየች። ከዚያ ያለ ጫማዋ ወጥታ ከመኪናዋ ትንሽ የቀለም ሣጥን ይዛ ተመለሰች። ምሽቱ ሳይቀርብ፣ በመስኮቱ ብርሃን፣ አማትየው ቡናማውን በቢጫ፣ ቢጫውን በትንሽ ቀይ እየነኩ ጠረጴዛው ላይ በጠበጡት፤ በሰሌዳው ላይ ከደረቀው ቀለም ጋር አስጠግተው እያዩ ሦስት ጊዜ ቀየሩት። ሙሽሪት አስቀድማ ጣቱን በማስመሪያ ለክታ፣ ክርናቸውን ደግፋ ያዘችላቸው። ብሩሹን ያጠረው አውራ ጣት ጫፍ ላይ አሳርፈው ቀስ ብለው አስረዘሙት። ሲጨርሱ ወደ በሩ ሄደው ቆመው አዩትና «አሁን ያዘችው» አሉ።

ሙሽሪት ማስመሪያዋን ሳታስነካ አስጠግታ ለካችው። ሰባት ሴንቲ ሜትር ከአራት ሚሊ ሜትር የነበረው አውራ ጣት ዘጠኝ ሴንቲ ሜትር ከአንድ ሚሊ ሜትር ሆኗል።